የአሪታው ሸክላ ሠሪ

የምኖረው ጃፓን፣ ፉኩኦካ ከተማ ነው። በየዓመቱ ከሚያዝያ 21 እስከ 27 በአጎራባቹ ሳጋ ግዛት፣ አሪታ በምትባል ትንሽ ከተማ የሸክላ ገበያ ይቆማል። ዘንድሮ የቡና ሲኒ ልገዛ ሄድኩ። ሲኒ የሚለው ቃላችን ራሱ ከዓረብኛ የመጣ ነው፤ «የቻይና» ማለት ነው።

አንዲት አሮጊት ሻጭ ሲኒዎቹን በጋዜጣ እየጠቀለሉልኝ «ይህን ሙያ ያስጀመረን ኮሪያዊ ነው። ቤተ መቅደሱ እዚያ ላይ ነው፣ ሳታየው እንዳትሄድ» አሉኝ።

የባቡር ሐዲዱን ተሻግሬ ደረጃውን ወጣሁ። ቦታው ቶዛን ይባላል። በሩ በነጭና በሰማያዊ ፖርሴሊን፣ ሲኒ በሚሠራበት ጠንካራ ነጭ ሸክላ፣ የተሠራ ነው። እዚያ ከሚከበሩት መካከል ዪ ሳም ፕዮንግ የተባለ ሸክላ ሠሪ አለ። የጃፓኑ ገዢ ሂዴዮሺ እ.ኤ.አ. ከ1592 እስከ 1598 ኮሪያን ሲወጋ፣ የጦር አለቆቹ ብዙ ሸክላ ሠሪዎችን ይዘው ተመለሱ። እሱም በዚያ ዘመን ከመጡት አንዱ ነው። በ1616 እዚሁ አሪታ ፖርሴሊን የሚሠራበትን ነጭ ድንጋይ አገኘ ይባላል። ጃፓን ፖርሴሊን መሥራት የጀመረችው በዚያ ዘመን ገደማ ነው። በ1917 ከመቅደሱ በላይ ሐውልት አቁመውለታል።

አገሩን ጥሎ የመጣው ወዶ አይደለም። ሐውልቱ ይህን አይክሰውም፤ እዚያ ቆሜም ከሐሳቤ አልወጣም። ግን ስሙን አልቀበሩትም።

ጃፓን ውስጥ እንዲህ ያለው ብዙ ነው። ቡድሂዝም በኮሪያ በኩል ገባ። ኤይሳይ የተባለ መነኩሴ በ1191 ከቻይና የሻይ ዘር ይዞ ተመለሰ። ፊደሉም ከቻይና ነው፤ እነሱ ግን ከዚያው ቀንሰው የራሳቸውን ካ፣ ኪ፣ ኩ፣ ኬ፣ ኮ አወጡ። ስማር እንደኛ ፊደል በዜማ ነው የያዝኩት። ጃፓኖቹ ይህን ሲናገሩ አያፍሩም። ከየት እንደመጣ ስለተናገሩ የእነሱነቱ አልቀነሰም።

እኔን ግን ልቤን የነካኝ ሸክላ ሠሪው ነው። እኛ ቤት ጀበናው ከነማቶቱ በክብር ይቀመጣል። የሠራችውን ሴት ግን «ቡዳ» ብለን እንፈራታለን። ከቤቷ አንጋባም፣ ዓይኗ ልጅ ላይ እንዳያርፍ እንሸሻለን። ጎንደር አጠገብ ወለቃ ላይ ሸክላ ይሠሩ የነበሩ የቤተ እስራኤል ሴቶችም ይህንኑ ስም ተሸክመው ኖረዋል። አብዛኞቹ ዛሬ እስራኤል ናቸው። እንጀራ የምንጋግርበት ምጣድ፣ ወጥ የምንሠራበት ድስት ከእነዚህ እጆች የወጣ ነው። ልጅ ሆኜ ይህን አንድም ቀን አልጠየቅኩም። አሁን ያሳፍረኛል።

ማታ እናቴ ጋ ደወልኩ። የቤታችን ጀበና አስራ አምስት ዓመት አልፎታል፤ አንድ ጊዜ ብቻ አንገቱ ተሰንጥቆ ተጠግኗል። «እማ፣ ማን ነበረች የሠራችው?» አልኳት።

ትንሽ ዝም አለች። «እኔ እንጃ ልጄ፤ የቅዳሜ ገበያዋ ሴትዮ ናት። ስሟን ጠይቄያት አላውቅም» አለችኝ።