ለተከበሩ የአርቲሜቲክ ፕሮግረሽን (በእኩል ልዩነት የሚሄዱ ቁጥሮች) ወርድ ፕሮብሌም፣ ባሉበት

ጉዳዩ፦ ስለ ወንበሮችዎ

ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? እኛ ደሴዎች፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ አልሐምዱሊላህ፣ ከእርስዎ በቀር ደህና ነን። ከቧንቧ ውሃ ሰፈር እስከ ሰኞ ገበያ፣ የ12ኛ ክፍል ተማሪ ያለበት ቤት ሁሉ ስምዎን ያነሳል። በምርቃት ግን አይደለም።

ሰሞኑን የእህቴ ልጅ ደብተሯን ይዛ ቡና ላይ መጣች። ጥያቄዎን በአማርኛ አነበበችልን። «አንድ አዳራሽ አለ። የመጀመሪያው ረድፍ 20 ወንበር አለው። ቀጥሎ ያለው እያንዳንዱ ረድፍ ከፊቱ ካለው በ2 ይበልጣል። ረድፉ 15 ከሆነ በጠቅላላ ስንት ወንበር አለ?» ጎረቤቶቻችን ከመልሱ በፊት ሠርጉ የማን እንደሆነ ጠየቁ።

ጌታው፣ ለመሆኑ ወሎ ውስጥ ሠርግ ታድመው ያውቃሉ? ፊት ለፊት ሽማግሌዎች ይቀመጣሉ። ከኋላቸው የቀደመ ይቀመጣል። ከዚያ ከሐይቅ የመጣ ዘመድ ከሚኒባስ ይራገፋል። በቃ፣ ረድፍ የሚባል ነገር አበቃ። አግዳሚ ከጎረቤት ይመጣል፣ ልጆች ምንጣፍ ላይ ይደረደራሉ፣ አንዱ አጎት ጄሪካን ገልብጦ ይቀመጣል። ሁለት ሁለት እየጨመረ ወንበር የሚደረድር ሰው እስካሁን አላየንም። ቢመጣም «ምን ሆነሃል?» እንለዋለን።

ወንበሩንስ እሺ እንበል። ተንኮልዎ ግን አይታለፍም። ልጅቷ የመጨረሻውን ረድፍ ለማግኘት 15ን በ2 አባዝታ 20 ላይ ደመረች። 50 ወጣ። ወደ አማራጮቹ ስታይ 50 ተኮፍሶ ተቀምጧል። እንኳን ደህና መጣሽ ይላታል! የመጀመሪያው ረድፍ ምንም እንዳልተጨመረበት፣ ጭማሪው 14 ጊዜ ብቻ እንደሆነ፣ መልሱም 48 እንደሆነ እያወቁ ዝም አሉ። ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ በሚያወጣው መንገድ ዳር አንድ ኪሎሜትር ላይ በየ50 ሜትሩ ምሰሶ ትከል ቢሉኝ፣ እኔም 20 ምሰሶ ብቻ ይዤ እሄድ ነበር። ጫፍና ጫፉ ላይ ስለሚተከል የሚያስፈልገው 21 ነው። ያችን አንዷን እየደበቁ ስንቱን ልጅ ጣሉት?

ደግሞ 48ም አማራጭ ውስጥ አለች። የፈለጉት ግን ድምሩን ነው። «በጠቅላላ» የምትለዋን ቃል ጥያቄው ጭራ ላይ ወሽቀዋት፣ የቸኮለ ሁሉ 48 ላይ ወርዶ ይቀራል። ድምሩ ራሱ ቀላል ነው። የመጀመሪያውና የመጨረሻው ረድፍ አንድ ላይ 68 ናቸው። ሁለተኛውና ከመጨረሻው የሚቀድመው 22 እና 46፣ ያው 68። ስለዚህ 68 በ15 ተባዝቶ ለ2 ሲካፈል 510 ይሆናል። ጋውስ የሚባለው ጀርመናዊ የሒሳብ ሊቅ በልጅነቱ ከ1 እስከ 100 ደምር ቢባል በዚሁ ዘዴ 5050 ብሎ መምህሩን አፍ አስያዘ ይባላል።

ዕድሜዎን ስሰማ ደግሞ ደነገጥኩ። ከክርስቶስ ልደት በፊት 1550 ገደማ አህሜስ የሚባል ግብፃዊ ጸሐፊ ፓፒረስ ላይ አስፍሮዎታል። እሱም ከቆየ ጽሑፍ እንደገለበጠ ይናገራል፤ ኩረጃ ያኔም ነበር ማለት ነው። ጥያቄው 100 ዳቦ ለ5 ሰው በእኩል ልዩነት ይከፋፈል ይላል። የሦስቱ ትልልቅ ድርሻዎች ድምር አንድ ሰባተኛው፣ ከሁለቱ ትንንሾች ድምር ጋር እኩል መሆን አለበት። ሲሠራ ትልቁ ሰው 38 ዳቦ ከሲሶ ይወስዳል። ትንሹ ሁለት ዳቦ እንኳ አይሞላለትም። እኛ ጋ እንዲህ ያካፈለ ሰው ሽማግሌ ፊት ይቆም ነበር።

እርስዎን የማይፈራ አንድ ሰው አውቃለሁ። ሐይቅ ዘመዶቼ ግቢ የውሃ ጉድጓድ የቆፈረው ሰውዬ ነው። ውሉ ለመጀመሪያው ሜትር 500 ብር፣ ከዚያ በየሜትሩ 100 ብር ጭማሪ ነበር። 12 ሜትር ስንት ይመጣል ሲባል እስክሪብቶ አልፈለገም። «የመጨረሻው 1,600 ነው። ከመጀመሪያው ጋር 2,100። እንዲህ ያለ ጥንድ 6 ነው። 12,600 አዘጋጁ» አለ። ስምንተኛው ሜትር ላይ ግን ቋጥኝ ገጠመው፤ ሒሳቡ በድርድር ሆነ። እርስዎ ጥያቄ ውስጥ ቋጥኝ ገጥሞን አያውቅም። መሬቱ ሁሌ ለስላሳ፣ ሠራተኛው ሁሌ ጤነኛ፣ ዋጋው ሁሌ በ100 ብቻ የሚጨምር። እንዲህ ያለ ሰፈር ካለ አድራሻውን ይላኩልን፣ እንግባበት።

እስከዚያው ግን የሚጠይቁትን መጀመሪያው መስመር ላይ ይናገሩ። 50ንም ከአማራጮቹ ውስጥ ያንሱልን።

ከሰላምታ ጋር

ግልባጭ፦ ለአማራጭ ዲ፣ «መልሱ አልተሰጠም»። በጭንቅ ሰዓት ብቻ ስለምንጠራዎት ይቅርታ።