አነስተኛ ቡድን ብለው ሸጡልን፣ ድንጋዩን ግን ነፈጉን

ይህን የምጽፈው ተናድጄ ነው፤ ንዴቴም እስካሁን አልበረደልኝም። ከግብፅ ፒራሚዶች ቀድመው የቆሙ የድንጋይ ቤተ መቅደሶችን አያለሁ ብዬ ማልታ ድረስ ሄጄ፣ የከፈልሁበትን ጊዜ አብዛኛውን በየሆቴሉ በር ላይ ሰው ስጠብቅና የመስታወት ዕቃ መሸጫ ውስጥ ተገትሬ ጨረስሁት። አውሮፓ ሆናችሁ ለዕረፍት ወደዚያ የምትሄዱ ወገኖቼ ብዙ እንደሆናችሁ ስለማውቅ ዝም ማለት አልቻልሁም።

ምን እንደተነፈግን እንዲገባችሁ ቦታውን ለማታውቁት ላስረዳ። ማልታ ከሲሲሊ በስተደቡብ ያለች፣ አጎራባች ደሴቶቿ ተጨምረውም ስፋቷ ከአዲስ አበባ የሚያንስ አገር ናት። በዚህች ጠባብ መሬት ላይ ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ3600 ዓመት ገደማ ጀምሮ ለአንድ ሺህ ዓመት ያህል ሰዎች ታላላቅ ቤተ መቅደሶችን ሲሠሩ ኖረዋል። ብረት አያውቁም፤ መዳብም አያውቁም። ድንጋዩን የፈለጡትና ያለሰለሱት በድንጋይ፣ በቀንድና በአጥንት ነው። ለመቁረጫ የሚሆነው ጥቁር ባልጩት እንኳ በአገራቸው ስለማይገኝ ከሊፓሪና ከፓንቴለሪያ ደሴቶች በጀልባ ባሕር ተሻግሮ ይመጣላቸው ነበር። በዚህ አቅማቸው ሐጃር ኢም በሚባለው ቤተ መቅደስ 20 ቶን ገደማ የሚመዝን አንድ ወጥ ድንጋይ አቁመዋል። ጎዞ ደሴት ላይ ያለውን ጅጋንቲያን ዩኔስኮ በ1980 በዓለም ቅርስነት መዘገበ፤ በ1992 ደግሞ ሐጃር ኢምን፣ ምናይድራን፣ ታርሺንንና ሌሎችን ጨመረበት። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው።)

ጉብኝቱን የሸጠልን አስጎብኚ ድርጅት ማስታወቂያ እንዲህ ይላል፦ አነስተኛ ቡድን፣ ቢበዛ ስምንት ሰው፣ ሳትቸኩሉና እንደልባችሁ እየጠየቃችሁ፣ ፈቃድ ካለው አስጎብኚ ጋር። ዋጋው በትልቅ አውቶቡስ ከሚደረገው ጉብኝት እጥፍ ነው። አላቅማማሁም፤ ከፈልሁ። ድንጋይ ፊት ቆሜ ረጋ ብዬ ማየት የምወድ ሰው ነኝ፤ የተጠቀሰውም ነገር ልክ የምፈልገው ነበር። ሐቁን ልናገር፣ በቁጥሩ አልዋሹም። ስምንት ነበርን። አስጎብኚውም ፈቃዱን ደረቱ ላይ ያንጠለጠለ፣ ሥራውን የሚያውቅ ሰው ነበር። የተሰረቅነው ጊዜያችንን ነው።

ስርቆቱ የሚጀምረው ከመኪናው ነው። ስምንት ሰው ማለት ስምንት ዓይነት ሆቴል ማለት ነው። ስሊማ ላይ ሁለት ሰዎች ተሳፈሩ፤ ወደ ሴንት ጁሊያን ሄድን፤ አንድ ሰው እስኪወርድ ስልክ እየተደወለ ተጠበቀ፤ ከዚያ በመጣንበት መንገድ ተመልሰን ወደ ሌላ ሆቴል ታጠፍን። የማልታን የመኪና መጨናነቅ ያየ ያውቀዋል። እንዲህ ስንዞር ጠዋቱ አለቀ። ይህ ሁሉ መንከራተት ከጉብኝቱ ሰዓት ላይ እንደሚቀነስ ማስታወቂያው ላይ አንዲት ቃል አልተጻፈችም። "የግማሽ ቀን ጉብኝት" የተባለው ከመጀመሪያው ሆቴል በር አንሥቶ ይቆጠራል።

ቀጥሎ የመስታወት ዕቃ መሸጫው መጣ። በፕሮግራሙ ላይ "የአገሬውን የእጅ ሥራ መመልከት" ተብሎ ተጽፏል። አንድ ባለሙያ ከእሳቱ ፊት ቆሞ ብርጭቆ ሲነፋ ለጥቂት ደቂቃ አየን፤ የሰውየው እጅ ድንቅ ነው፣ አልክድም። ከዚያ በኋላ ግን መደርደሪያ ወደሞላበት ትልቅ አዳራሽ አስገቡንና መውጫው ገንዘብ ተቀባዩ ጋ ብቻ ሆነ። ማንም ምንም አልገዛም። እዚያ የቆምነው ከክርስቶስ ልደት በፊት በተሠራው ቤተ መቅደስ ውስጥ ከቆምነው በላይ ነው። ደግሜ እጽፈዋለሁ፦ አምስት ሺህ ዓመት ያለፈውን ሕንፃ ካየንበት ጊዜ ይልቅ የአበባ ማስቀመጫ ያየንበት ጊዜ ይበልጣል። ድርጅቱ ከዚያ ሱቅ ኮሚሽን ይከፈለው እንደሆነ አስጎብኚውን ጠይቄው አልካደም።

በመጨረሻ ሐጃር ኢም ደረስን። ቦታው ከገደል አፋፍ ላይ ነው፤ ከታች ባሕሩ ተዘርግቷል፤ ከባሕሩ መካከል ፊልፍላ የምትባል ሰው የማይኖርባት ትንሽ ደሴት ትታያለች። የፊት በሩ ሦስት ድንጋይ ነው፤ ሁለቱ ቆመው አንዱ ተጋድሞባቸዋል። በዚያ በር ስታልፉ ግድግዳው ሁሉ ክብ ክብ እየሠራ ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው ይወስዳችኋል። ገና ሁለተኛው ክፍል ሳንደርስ አስጎብኚው ሰዓቱን አይቶ "ፎቶ አንሡ፤ ከግማሽ ሰዓት በታች ነው ያለን" አለ። ግማሽ ሰዓት! ለዚያ ሁሉ ድንጋይ!

ልቤን የሰበረው ቀጥሎ የሆነው ነው። ከእኛ ጋር የነበሩ አንዲት ጀርመናዊት እናት በመግቢያው ድንጋይ ላይ ጎን ለጎን የተበሱ ሁለት ቀዳዳዎች አይተው ምን እንደሆኑ ጠየቁ። የአስጎብኚው ፊት ሲበራ አየሁት። ጎንበስ ብሎ አንዱ ቀዳዳ ከውስጥ በኩል ከሌላው ጋር እንደሚገናኝ አሳየን፤ ገመድ አሳልፈው በሩን ሳይዘጉበት ወይም ከብት ሳያስሩበት እንዳልቀረ ተመራማሪዎች እንደሚገምቱ ነገረን። ቀዳዳውን ቀርቤ አየሁት። ጠርዙ ለስልሶ ውስጡ ጠቧል፤ አንድ ሰው ባልጩት ይዞ ቀናት ሙሉ ሲያሽከረክር የበሳው ነው። እንዴት እንደበሱት ሊነግረን አፉን ሲከፍት ስልኩ ጮኸ። ከቢሮ ነው። "ደርሳችኋል? መቼ ነው የምትወጡት?" የሚሉት ይሰማ ነበር። ስልኩን ዘጋና "እንሂድ" አለን። ያ ሰው ያውቃል፤ ማካፈልም ይፈልጋል። እውቀቱን በደቂቃ ቆርጠው አነቁት። ስለዚህ ቅሬታዬ በእሱ ላይ አይደለም፤ ከጠረጴዛ ጀርባ ተቀምጠው የጊዜ ሠሌዳ በሚያወጡት ላይ ነው።

ሌላም አለ። ሐጃር ኢምና ምናይድራ ከ2009 ጀምሮ ትልቅ ነጭ የድንኳን ጣሪያ ተሠርቶላቸዋል። ያን ጣሪያ ቀና ብዬ ሳይ የላሊበላ መጠለያዎች ትዝ አሉኝ። እኛ አገር ስለእነዚያ መጠለያዎች ስንት ዓመት ተጨቃጨቅን፤ ክብደታቸው ያሰጋል፣ ውበቱን ይሸፍናሉ፣ ቢነሡ ደግሞ ዝናቡ ድንጋዩን ይበላዋል። እዚህም ተመሳሳይ ችግር ያለበት ሕዝብ አለ። ሐጃር ኢም የተሠራው ለስላሳና ቢጫ ከሆነ የኖራ ድንጋይ ነው፤ የባሕሩ ጨው፣ ነፋሱና ዝናቡ እየተፈራረቁ ልጣጩን ያረግፉታል። ጣሪያው ለምን ያህል ዘመን ታስቦ ተሠራ? ድንጋዩ ከዚያ ወዲህ ምን ሆነ? ይህን ለመጠየቅ ከእኔ የበለጠ ምክንያት ያለው ሰው በዚያ መኪና ውስጥ አልነበረም። እየሮጥን ስለነበር መልስ ሳላገኝ ወጣሁ። እንደልባችሁ ትጠይቃላችሁ ያሉት ይህን ነበር እንዴ?

ምናይድራን ጭራሹን አላየንም። ከሐጃር ኢም ወደ ታች በተነጠፈ መንገድ ግማሽ ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ የመግቢያ ትኬቱ አንድ ነው፤ ለሁለቱም ከፍለናል። ጣሪያው ከላይ ሆነን ይታየን ነበር። የምናይድራ ታችኛው ቤተ መቅደስ ቀንና ሌሊት እኩል በሚሆኑበት ዕለት ፀሐይ ስትወጣ ብርሃኗ በዋናው በር ገብቶ እስከ ውስጠኛው ጫፍ ቀጥ ብሎ እንዲዘልቅ ሆኖ የተሠራ ነው። ፀሐይ ወደ ሰሜንና ወደ ደቡብ ርቃ በምትቆምባቸው ዕለታት ደግሞ ብርሃኑ ከበሩ ግራና ቀኝ ባሉት ድንጋዮች ጠርዝ ላይ ያርፋል። የዘመን አቆጣጠርን ከፀሐይና ከጨረቃ ጋር እያሰላ ለኖረ እንደኛ ያለ ሕዝብ ይህ ተራ ነገር አይደለም። በ2001 ወንበዴዎች ሌሊት ገብተው ብዙ ድንጋዮቹን ገልብጠው ሰባብረውባቸው፣ ማልታውያን መልሰው አቁመዋቸዋል። ይህን ሁሉ አንብቤ ነው የሄድሁት። አስጎብኚው አንገቱን ደፍቶ "ለምናይድራ ጊዜ የለንም፤ ሰዎቹን ወደ ሆቴል መመለስ አለብኝ" አለ። በእግር አሥር ደቂቃ የማይሞላ መንገድ! የአበባ ማስቀመጫ ለማየት ጊዜ ነበረን።

እዚያው አገር ትክክለኛው አሠራር እያለ ነው ይህ የሚሆነው። ሐል ሳፍሊኒ ሃይፖጂየም የሚባል፣ ከምድር በታች ከአንድ ወጥ ዐለት የተፈለፈለ የመቃብር ቦታ አለ፤ በ1902 ቤት የሚሠሩ ሠራተኞች ሲቆፍሩ ነው የተገኘው። ወደ 7000 የሚጠጋ ሰው እንደተቀበረበት ይገመታል። እዚያ በአንድ ጊዜ የሚገባው 10 ሰው ብቻ ነው፤ በቀን ከ80 አይበልጥም። ምክንያቱም የሰው ትንፋሽና እርጥበት በቀይ አፈር የተሣሉትን የጣሪያ ሥዕሎች ይጎዳል። ትኬቱ ከሳምንታት በፊት ያልቃል፣ ፎቶ ማንሣት አይፈቀድም፣ ማንም ግን አያጉረመርምም፤ ቁጥሩ ያነሰው ለድንጋዩ ተብሎ እንደሆነ ሁሉም ያውቃል። የእኛ ስምንትነት ለምን ነበር? መኪናው የሚይዘው ስምንት ስለሆነና ስምንት ሲባል ዋጋ መጨመር ስለሚቻል ነው። ድንጋዩ ዘንድ ስንደርስማ ብንበዛም ብናንስም ያው ነበርን።

መልስ ላይ፣ መኪናው ውስጥ፣ አንዱ ተሳፋሪ እነዚህን ድንጋዮች ከሌላ ዓለም የመጡ ፍጡራን እንጂ ሰው ሊያነሣቸው አይችልም እያለ ያወራ ጀመር። ግማሾቹ አመኑት። ለምን አያምኑም? ማን አስረዳቸው? ታርሺን ቢወስዱን ኖሮ ድንጋዩን ለማንከባለል ሳያገለግሉ እንዳልቀሩ የሚታሰቡትን የድንጋይ ኳሶች ያዩ ነበር። የጎዞ ሰዎች ጅጋንቲያን ባቄላና ማር እየበላች፣ ልጇን ታቅፋ የሠራችው ግዙፍ ሴት ናት ይላሉ፤ ያ የራሳቸው ተረት ነው፣ ያምርባቸዋል። ባዕድ መጥቶ "እናንተ አልሠራችሁትም" ሲል ግን ሌላ ነገር ነው። ላሊበላንም የውጭ ሰዎች ናቸው የሠሩት የሚል ወሬ ሲነዛ ሰምተን ያደግን ሰዎች ነን፤ ሕመሙን እናውቀዋለን። ባልጩት ይዘው ቀዳዳ የበሱት እጆች ክብራቸው ይገባቸዋል፤ ያን ክብር የሚያስጠብቀው የሚያስረዳ ሰውና የሚያስረዳበት ጊዜ ነው። ሁለተኛው ተሸጠብን።

ስለዚህ የምትሄዱ ሰዎች፣ ከመክፈላችሁ በፊት አንድ ጥያቄ ብቻ በጽሑፍ ጠይቁ፦ በእያንዳንዱ ቤተ መቅደስ ውስጥ ስንት ደቂቃ እንቆማለን? የሰዉን ቁጥር ተዉት። መልሱን በጽሑፍ ካልሰጧችሁ ገንዘባችሁን ያዙ። ከዋና ከተማዋ ከቫሌታ ሐጃር ኢም ድረስ የሕዝብ አውቶቡስ ይሄዳል፤ እዚያው መግቢያ ላይ ሙዚየምና የሚያስረዳ ጽሑፍ አለ፤ ሁለቱን ቤተ መቅደሶች ስትፈልጉ እስከ መዝጊያ ሰዓት ድረስ ዞራችሁ ማየት ትችላላችሁ፤ ማንም ሰዓቱን እያየ አይጎትታችሁም።

ለድርጅቱ ደብዳቤ ጽፌያለሁ። ለሚቀጥለው ጉዞዬ የዋጋ ቅናሽ እንደሚያደርጉልኝ ገልጸው መለሱልኝ። ቅናሹን አልተቀበልሁም። ለሁለተኛ ጊዜ ጻፍሁላቸው፦ ሱቁን ከፕሮግራሙ አውጡት፣ ሰዓቱን ከመጀመሪያው ቤተ መቅደስ በር ጀምራችሁ ቁጠሩ፣ ያ አስጎብኚ ስለ ቀዳዳዎቹ የጀመረውን እስኪጨርስ ስልክ አትደውሉበት፣ ምናይድራንም ከፍለንበታልና ገንዘባችንን መልሱ። ለዚህኛው እስካሁን መልስ አልሰጡኝም፤ እስኪሰጡኝ ድረስ መጻፌን አላቆምም።