ያለ ተፎካካሪ ጥሩ የሬስሊንግ ጌም? እስቲ አንድ አሳዩኝ!

ሰሞኑን የምከታተለው አንድ የሬስሊንግ ተንታኝ የተናገረው ነገር እስካሁን ከሆዴ አልወጣም። የሬስሊንግ ድርጅቱ ኤኢደብሊው ያወጣው ፋይት ፎርኤቨር የሚባለው ጌም ስላልተሳካ ድርጅቱ ጌም መሥራቱን ይተው አለ። ጥሩ ጌም የሚወጣው ከጥሩ ሾው ነው፣ ስለዚህ ሜዳውን ለትልቁ ተቀናቃኙ ለደብሊውደብሊውኢ ለቆ ይውጣ ባይ ነው። ይህን ሰምቶ ልክ ነህ ያለው ሰው ብዛት ደግሞ የባሰ አናደደኝ።

ጥሩ ሾው ጥሩ ጌም ይወልዳል? ማን አለ? እ.ኤ.አ. 1998ን አስታውሱ። የደብሊውሲደብሊው የቲቪ ሾው ናይትሮ የተቀናቃኙን የደብሊውደብሊውኤፍን (የዛሬውን ደብሊውደብሊውኢ) ሾው ሮውን 83 ሳምንት በተከታታይ በተመልካች ሲበልጥ ቆይቶ ሚያዝያ ላይ ተቀደመ። እንግዲህ የዚያን ዓመት ሁለት ጌሞች ጎን ለጎን አስቀምጧቸው። የደብሊውደብሊውኤፍ ዋር ዞን አንዲት ውርወራ ለመስጠት እንደ ካራቴ ጌም አቅጣጫና ቁልፍ በተራ ያስደረድርሃል። የደብሊውሲደብሊው ሪቬንጅ ግን አንድ ቁልፍ ነው። ነካ ካደረግከው ቀላል አያያዝ፣ ተጭነህ ከቆየህ ጠንካራ አያያዝ፣ ከዚያ ወዲያ ያለው ያንተ ችሎታ ነው። በቲቪ እየተሸነፈ የነበረው ድርጅት በጌም አስከንድቶት ነበር!

ምክንያቱም ጌም የሚሠራው ባለሙያ ነው እንጂ ሾው አይደለም። ደብሊውሲደብሊው ይህን አልገባውም። በስሙ ጌም የማውጣት ፈቃዱን ለጌም አሳታሚው ኢኤ ሰጠ። ሪቬንጅን ያሳተመው ቲኤችኪው ደግሞ ጌሙን የሠራውን አኪ የሚባለውን የጃፓን ቡድን ይዞ ቀጥ ብሎ ተቀናቃኙ ቤት ገባ። ሬስልማኒያ 2000 ወጣ፣ ቀጥሎ በ2000 ኖ ሜርሲ መጣ፣ ሰው ይኸው እስከ ዛሬ ስሙን ያነሳል። ደብሊውሲደብሊው እጅ ላይ የቀረው ሜይሄምና ባክስቴጅ አሳልት ነው። ሁለተኛው ጭራሽ ድብድቡን ከሪንግ አውጥቶ ከመድረክ ጀርባ ወሰደው። መጋቢት 2001 ላይ ድርጅቱ ራሱ ለደብሊውደብሊውኤፍ አለቃ ለቪንስ ማክማን ተሸጠ፣ ፉክክሩም አለቀ።

የደብሊውደብሊውኢ ጌም ሄር ካምስ ዘ ፔይን በ2003 ወጥቷል አይደል ትሉኝ ይሆናል። ወጥቷል። ፕሌይስቴሽን ቤት ወረፋ ጠብቀን አውራ ጣታችን እስኪላጥ ተጫውተነዋል። ግን እሱ በፉክክሩ ዘመን የተቋጠረ ስንቅ ነው፣ ስንቅ ደግሞ ያልቃል። ማለቁንም 2ኬ በሚባለው የደብሊውደብሊውኢ ተከታታይ ጌም፣ በ2ኬ20 አየነው። ጌሞቹን ለዓመታት ሲሠራ የነበረው የጃፓኑ ዩክስ ከሄደ በኋላ ጥቅምት 2019 ላይ የወጣው ጌም ፊት ያጣምማል፣ ሰውነት በገመድ ውስጥ ያሳልፋል። ጥር 1 ቀን 2020 ሲደርስ ደግሞ አልከፍትም አለ። ሰው ማሽኑን ሰዓትና ቀን ማስተካከያ ውስጥ ገብቶ ወደ 2019 እየመለሰ ነው የተጫወተው። ሙሉ ዋጋ ከፍለህ የገዛኸውን ጌም ለመክፈት ዓመቱን ወደ ኋላ ትመልሳለህ! እርግጥ ኋላ ላይ አስተካከሉት። ግን የሚያስፈራው ሰው ያለ ድርጅት እንዲህ ያለ ነገር ገበያ ላይ አያወጣም።

ከዚያስ? 2ኬ21 ተሰረዘ፣ ከሁለት ዓመት በላይ ተሠርቶበት መጋቢት 2022 ላይ 2ኬ22 ሰው ሆኖ መጣ። በመሃል ምን ተፈጠረ? የኤኢደብሊው የቲቪ ሾው ዳይናማይት ጥቅምት 2019 ላይ ስርጭት ጀምሯል፣ የኤኢደብሊው ሬስለር ኬኒ ኦሜጋ ደግሞ ከዩክስ ጋር ጌም እየሠራን ነው ብሎ በ2020 አውጇል። ይሄ አጋጣሚ ነው የሚለኝን ሰው አላምነውም። ደንግጠው ነው የሠሩት።

ፋይት ፎርኤቨር ጉድለት አለው። የተጋጣሚዎቹ ወደ ሪንግ አገባብ ተቆራርጧል፣ የራስህን ተጫዋች መፍጠሪያውም ጠባብ ነው። ግን የኖ ሜርሲውን ዳይሬክተር ሂዴዩኪ ኢዋሺታን አማካሪ አድርጎ የተሠራ ጌም ነው፣ እጅህ ላይ ሲገባ ያ የድሮው አያያዝ ይሰማሃል። እና ይሄን ነው ተዉት የሚሉን? ለማን? 2ኬ25 ላይ ዘ አይላንድ የሚባለውን የጨዋታ ክፍል ላመጣው? እዚያ ውስጥ የፈጠርከውን ተጫዋች ለማጠንከር ቪሲ የሚባል የጌም ውስጥ ገንዘብ ያስፈልግሃል፣ ቪሲ ደግሞ በዶላር ይሸጣል። ጌሙን በገዛህ ማግስት እንደገና ኪስህን ያስከፍቱሃል፣ ሌላ የምትሄድበት ቤት እንደሌለህ ያውቃሉዋ።

ኤኢደብሊው ሁለተኛውን ይሥራ። አገባቡን አይቁረጥብን፣ መፍጠሪያውን ያስፋልን። የወጣ ቀን እገዛዋለሁ።