ማስተካከያ፦ የዲዝኒ ወርልድ ምግብ ቤት ቦታ መያዝ የሚጀመረው 60 ቀን ሲቀረው ነው

ልጆቻቸውን ለመጠየቅ አሜሪካ ለሚሄዱ የደብረ ብርሃንና የአካባቢው ቤተሰቦች በወጣው መረጃ፣ ፍሎሪዳ ባለው የመዝናኛ ፓርክ ዲዝኒ ወርልድ የምግብ ቤት ቦታ መያዝ የሚጀመረው 180 ቀን ሲቀረው ነው ተብሎ ነበር። ያ የድሮው ደንብ ነው። አሁን 60 ቀን ሲቀረው ነው። በዲዝኒ ሆቴል የሚያርፉ ግን መግቢያቸው 60 ቀን ሲቀረው፣ እስከ 10 ቀን ለሚደርስ ቆይታቸው በአንዴ መያዝ ይችላሉ።

ሰዓቱም ያምታታል። ቦታ መያዣው በኦንላይን የሚከፈተው ፍሎሪዳ ላይ ሲነጋ፣ በእኛ አቆጣጠር 12 ሰዓት ላይ ነው። ይህ ደብረ ብርሃን ላይ ከመጋቢት መጀመሪያ እስከ ጥቅምት መጨረሻ አካባቢ ከቀኑ 7 ሰዓት ይሆናል፤ በቀሪዎቹ ወራት 8 ሰዓት። እዚያ ያለው ልጅ ለሥራ ሲሯሯጥ እናንተ ምሳ በልታችሁ፣ ቡናው እየፈላ ተረጋግታችሁ መያዝ ትችላላችሁ። ኔትወርክ ካለ ማለት ነው።

ለመሰረዝ አንድ ቀን ቀደም ማለት የግድ አይደለም። በአብዛኞቹ ምግብ ቤቶች 2 ሰዓት ሲቀረው መሰረዝ ይበቃል። ዝም ብሎ መቅረት ግን በነፍስ ወከፍ 10 ዶላር ያስከፍላል፤ ለስድስት ሰው 60 ዶላር ነው፣ ቀላል ገንዘብ አይደለም። ቀድሞ የሚከፈልባቸው ምግብ ቤቶች ደንባቸው ይለያል።

ጾመኞች አይስጉ። ሜኑው ላይ የቅጠል ምልክት ያለበት ምግብ ሥጋ፣ ወተት፣ እንቁላልም ሆነ ማር የለበትም። እናቶች ይህን ሳያውቁ ድንች ጥብስ ብቻ በልተው መዋል የለባቸውም።

ፓርኩ ውስጥ ላለ ምግብ ቤት የመግቢያ ትኬትም ያስፈልጋል።