ለታኮ አስጎብኚ? ለአንድ ምሽት ብቻ

ሜክሲኮ ሲቲ ውስጥ መንገድ ዳር የሚሸጥ አንድ ታኮ፣ በስስ የበቆሎ ቂጣ ላይ የሚቀርብ ሥጋ፣ ከ20 እስከ 30 ፔሶ አካባቢ ነው። የአንድ ዶላር ከምናምን ነገር ማለት ነው። በአስጎብኚ እየተመራችሁ ከጋሪ ጋሪ የምትዞሩበት የምሽት የእግር ጉዞ ግን ብዙ ጊዜ ለአንድ ሰው ከ50 እስከ 100 ዶላር ይጠየቅበታል። በ80 ዶላር ሃምሳ ያህል ታኮ ይገዛል። በሦስት አራት ሰዓት ጉዞ አንድ ሰው ቢበዛ ሰባት ስምንት ነገር ቢቀምስ ነው። ከዚያ በላይ ሆድም አይችልም። ታዲያ የቀረው ገንዘብ የምን ዋጋ ነው?

ከአሜሪካ ለዕረፍት ወደዚያ ብቅ የሚሉ ወዳጆች ይህን ጥያቄ ያነሱብኛል። ግማሾቹ ብር መጣል ነው ይላሉ። ግማሾቹ ደግሞ ያለ አስጎብኚ መንገድ ላይ መብላት ሲነሳ ገና ሆዳቸው ይታመማል። የኔ መልስ አጭር ነው። ለመጀመሪያው ምሽት ክፈሉ፤ ለሁለተኛው አትክፈሉ። በሁለተኛውም ምሽት አስጎብኚ ካስፈለጋችሁ የመጀመሪያው ሥራውን አልሠራም።

ችግሩ አብዛኛው የዚህ ጉዞ ማስታወቂያ የሚሸጠው ፍርሃት መሆኑ ነው። እኛ የመረጥነው ጋሪ ብቻ ነው ንጹሕ፣ ከእኛ ጋር ብቻ ነው ደህና የምትሆኑት ይላል። እውነቱን ለመናገር ምሥጢር የለውም። ሰልፍ ያለበት ጋሪ ሥጋው አያድርም። ምጣዱ እየተንጣጣ ነው ወይስ ቀዝቅዟል? ብር የሚቀበለውና ቂጣውን፣ ቶርቲያውን፣ የሚያነሳው እጅ አንድ ነው ወይስ ለየብቻ? እነዚህን ማየት ስፓኒሽ አይጠይቅም። ሳህኑ ፌስታል ለብሶ ይሰጣችኋል። ስትጨርሱ ፌስታሉ ተገፎ ይጣላል፣ ለቀጣዩ ሰው ሌላ ይለብሳል። ለአካባቢ ጥሩ ነው አልልም። የቧንቧ ውኃ የሌለው ጋሪ ግን ያገኘው መላ ይሄ ነው። በነገራችን ላይ ሆድ የሚያበላሸው፣ በኔ ግምት፣ ብዙውን ጊዜ አንድ የተበላሸ ታኮ አይደለም። በሦስት ሰዓት ውስጥ አምስት ዓይነት ሳልሳ፣ የሚያቃጥለውን የቃሪያ ማባያ፣ በስድስት ዓይነት ሥጋ ላይ መደራረብ ነው። ይህን ደግሞ የሚያደርገው ራሱ ጉብኝቱ ነው።

ታዲያ ለምን እከፍላለሁ? ለሥርዓቱ።

የታኮ ጋሪ ብዙ ጊዜ ወንበር የለውም፤ ቆማችሁ ነው የምትበሉት። ታኮ ሠሪውን፣ እነሱ ታኬሮ የሚሉትን፣ በዓይን ትይዙታላችሁ እንጂ አትጮኹበትም። ሁለት ሁለት ወይ ሦስት ሦስት እያላችሁ ታዛላችሁ፤ ቶርቲያ ከቀዘቀዘ ያበቃለታል። "ኮን ቶዶ?" ይላችኋል። ሽንኩርትና የድንብላል ቅጠል ይሁንበት ወይ ማለቱ ነው። ሎሚውንና ሳልሳውን ራሳችሁ ታደርጋላችሁ። አረንጓዴው ሳልሳ ከቀዩ ይለዝባል ብላችሁ እንዳትሸወዱ፤ አንዳንዴ አረንጓዴው ነው እንባ የሚያስፈስሰው። ስትጎርሱ ደረት ወደ ፊት፣ ሆድ ወደ ኋላ። ካልሆነ መረቁ ሸሚዝ ላይ ነው።

ሒሳቡ የሚመጣው በመጨረሻ ነው። ታኬሮው "ስንት ነበሩ?" ይላል። አራት ወይም ስድስት ትላላችሁ። ያምናችኋል። ሃያ ሰው ከቦት እየበላ፣ ማንም ምንም ሳይጽፍ፣ ሁሉም የበላውን ራሱ ቆጥሮ ይከፍላል። ከምግቡ በላይ ይሄ ነገር ነው እኔን የሚገርመኝ። ጥሩ አስጎብኚ ይህን አንዴ አሳይቷችሁ በሚቀጥለው ጋሪ ላይ ወደ ኋላ ይላል፤ እናንተ እንድታዙ፣ እናንተ እንድትከፍሉ። መጥፎው ግን በየቦታው አስቀድሞ ከፍሎ፣ አስቀድሞ አዝዞ፣ ሳህን ያድላችኋል። ጠግባችሁ ትመለሳላችሁ፣ ምንም ሳትማሩ።

ለምን ማታ? ሜክሲኮዎች ዋና ምግባቸውን የሚበሉት ከቀኑ ስምንት እስከ አሥር ሰዓት ባለው ጊዜ ነው። ማታ ቀለል ያለ ነገር ነው የሚፈለገው፤ ያኔ ነው የታኮ አል ፓስቶር እሳት የሚለኮሰው። በደረቅ ቀይ ቃሪያና በቅመም የተለወሰ ስስ ሥጋ በቋሚ ብረት ላይ ተደራርቦ ይሰካል። ብረቱ ይሽከረከራል፣ እሳቱ ከጎን ይመታዋል። ታኬሮው በግራ መዳፉ ቶርቲያ ይዞ በቀኝ እጁ ቢላ ጠርዙን ይላጫል፤ የተጠበሰው ብቻ ነው የሚወድቀው። ከዚያ ቢላውን ወደ ላይ ሰደድ አድርጎ ጫፉ ላይ ከተሰካው አናናስ ትንሽ ቁራጭ ያስፈነጥርና ቶርቲያው ላይ ይቀልባታል። ቱሪስቱ ስልኩን ያወጣል። የሰፈሩ ሰው ቀና ብሎም አያይም።

ሻዋርማ የሚያውቅ ሰው ይህ ብረት ከወዴት እንደመጣ ይጠረጥራል። ልክ ነው። ከሊባኖስና ከአካባቢዋ የመጡ ስደተኞች በባለፈው ክፍለ ዘመን የመጀመሪያ አሥርት ዓመታት ይዘውት የመጡት ነው። ፑዌብላ ከተማ ውስጥ ዛሬም የዐረብ ታኮ የሚባል አለ። በጉ ቀርቶ አሳማ ተተካ፣ ቅመሙም የአገሬው ሆነ።

አሳማ። የእኛ ሰው የሚቸገረው እዚህ ጋ ነው፤ አስጎብኚው ዋጋውን የሚያወጣውም እዚሁ ጋ ነው።

ፓስቶር የአሳማ ሥጋ ነው። ካርኒታስም አሳማ ነው። ቾሪሶና ሎንጋኒሳ የሚባሉት ቋሊማዎችም ብዙ ጊዜ እንደዚያው። ሱዋዴሮ የከብት ሥጋ ነው ተብሎ ይነገራችኋል፤ እውነት ነው። ግን በስብ ውስጥ ነው ለረጅም ሰዓት የሚበስለው፣ ያ ስብ ደግሞ ብዙ ጊዜ የአሳማ ነው። እዚያው ምጣድ ውስጥ ሎንጋኒሳም ይዋኛል። የተፈጨው ቦሎቄና ታማሌ የሚባለው የበቆሎ ሊጥ ምግብ ውስጥም የአሳማ ስብ የመግባት ዕድሉ ሰፊ ነው። የትም አይጻፍም። ሻጩም ሊያጭበረብራችሁ ብሎ አይደለም፤ ለእሱ ስብ እንደ ሥጋ አይቆጠርም። ስለዚህ "አሳማ አለበት?" ብላችሁ ብትጠይቁት "የለም፣ የከብት ነው" ብሎ በቅን ልቦና ይመልስላችኋል።

አሳማ ለማይበላ ክርስቲያንም ሙስሊምም ይህን የሚያጣራለት ሰው ቢያንስ ለአንድ ምሽት ያስፈልገዋል። ከመመዝገባችሁ በፊት በጽሑፍ ጠይቁ። ሥጋውን ብቻ ሳይሆን ስቡንም ጠይቁ። "ምንም ችግር የለም" ብሎ በየጋሪው ኬሳዲያ፣ ቺዝ የገባበት የታጠፈ ቶርቲያ፣ የሚያቀብላችሁ ከሆነ ተበላችሁ። ሥራውን የሚያውቅ አስጎብኚ መንገዱን ይቀይራል። የከብት ምላስ ወደሚሠራ፣ የከብት ጭንቅላት ሥጋ በእንፋሎት ወደሚያበስል፣ ወይም በከሰል ወደሚጠብስ ጋሪ ይወስዳችኋል። በማዕከላዊ ሜክሲኮ ባርባኮዋ የሚባለው፣ ጉድጓድ ውስጥ በአጋቬ ቅጠል ተሸፍኖ የሚበስለው የበግ ሥጋ፣ በተለይ ለኛ የተሠራ ይመስላል። እሱ ግን የቅዳሜና እሑድ ጠዋት ምግብ ነው፤ በማታ ጉዞ አታገኙትም። "ሲን ማንቴካ" የምትለዋን፣ ያለ ስብ ማለት ናት፣ ከዚያ ምሽት ይዛችሁ ከወጣችሁ ገንዘባችሁ ተመልሷል።

ጾመኛስ? ከሚገመተው በላይ ደህና ይበላል። የበቆሎ ቶርቲያ በቆሎ፣ ኖራና ውኃ ነው፤ ሌላ ነገር የለበትም። በቁልቋል፣ በዱባ አበባ፣ በእንጉዳይ የሚሠራ ሞልቷል። ዊትላኮቼ የሚሉት በበቆሎ እሸት ላይ የሚወጣ ጥቁር ፈንገስ አለ። የእኛ ገበሬ በሽታ ብሎ የሚነቅለውን እነሱ በውድ ይሸጡታል። ባቄላ በውስጡ የተደበቀበት፣ ያለ ዘይት ምጣድ ላይ የሚጋገር ትላኮዮ የሚባልም አለ፤ ባቄላው ስብ እንዳልገባበት መጠየቅ፣ ከላይም አይብና ክሬም እንዳይነሰነስበት መናገር ነው። በኩባያ የሚሸጠውን የበቆሎ ፍሬ፣ ኤስኪቴስን፣ ያለ ማዮኔዝና ያለ አይብ እዘዙ። መረቁ ውስጥ የዶሮ እግር መኖር አለመኖሩንም ጠይቁ፤ አንዳንዱ ይጨምራል። የተጠበሰ አንበጣም ይሸጣል። መጥምቁ ዮሐንስን አስቦ የሚደፍር ይድፈር።

ጨለም ሲል ደግሞ ከሩቅ የባቡር ፉጨት የመሰለ ረጅም ድምፅ ትሰማላችሁ። በእንጨት የሚነድ ምድጃ የተሸከመ ጋሪ ነው፤ እንፋሎቱን ሲለቀው ነው የሚጮኸው። ስኳር ድንች ሻጭ ነው። ላዩ ላይ የሚፈሰውን ጣፋጭ ወተት ካስቀራችሁ ጾም ነው።

ስለ ኖራው አንድ ነገር ልጨምር። በቆሎው በኖራ ውኃ ተቀቅሎ፣ አድሮ፣ ታጥቦ ነው የሚፈጨው። ሽታውም ልስላሴውም የሚመጣው ከዚያ ነው። አውሮፓውያን በቆሎውን ወስደው ዘዴውን ትተውት ሄዱ፤ በቆሎ ብቻ ይበላ የነበረው ድሃ ገበሬ ፔላግራ በሚባል በሽታ አለቀ፤ ያለ ኖራ ሰውነት ከበቆሎው ኒያሲን የተባለውን ቫይታሚን እንደልብ አያገኝምና። ዩኔስኮ በ2010 የሜክሲኮን ባህላዊ የምግብ አሠራር በቅርስነት ሲመዘግብ ከጠቀሳቸው ነገሮች አንዱ ይሄው ዘዴ ነው። (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጠቅሰው።) አስጎብኚያችሁን "ይህ ቶርቲያ ከየት ነው የመጣው?" ብላችሁ ፈትኑት። ስለ ሥጋ ለአንድ ሰዓት አውርቶ ስለ ቶርቲያ መልስ ከሌለው የሸመደደ ሰው ነው።

ከጉዞዎቹ ጋር ያለኝ ትልቁ ጠብ ግን ቦታው ነው። አብዛኞቹ ሮማና ኮንዴሳ በሚባሉት ሰፈሮች ይሽከረከራሉ። ዛፍ ያለባቸው፣ ቆንጆ፣ በውጭ አገር ሰው የተሞሉ ሰፈሮች ናቸው። ኪራዩ ከመናሩ የተነሣ ነባሩ ነዋሪ እየለቀቀ ነው። በጁላይ 2025 ሰዎች ይህንኑ በመቃወም አደባባይ ወጡ፤ የንግድ ቤት መስታወት ጭምር ተሰበረ። ከብሶቶቹ አንዱ ሳልሳው ለፈረንጅ ሲባል ማቃጠሉን ተወ የሚል ነበር። እኔ በዚህ አልስቅም። ምግቡ ለማን ተብሎ እንደሚሠራ የሚያሳይ ከዚህ የተሻለ መለኪያ የለም። በ2022ም እነዚህን ሰፈሮች የሚያስተዳድረው የኩዋውቴሞክ ክፍለ ከተማ በጋሪዎቹ ላይ በእጅ የተሣሉትን የቶርታ (የእነሱ ሳንድዊች ነው፣ ኬክ አይደለም) እና የጭማቂ ሥዕሎች በነጭ ቀለም አስጠፋ፣ በምትኩ የራሱን አርማ ለጠፈ። ለከተማ ውበት ነው ተባለ። ሠዓሊዎቹና ነዋሪው ጮኹ።

ታኬሮውስ ከዚህ ሁሉ ምን ያገኛል? ስምንት ሰው ይዞ መጥቶ ለእያንዳንዱ አንድ ታኮ የሚያዝ ቡድን ለእሱ ስምንት ታኮ ነው። እነዚያ ስምንት ሰዎች ግን ፎቶ እያነሡ፣ ማብራሪያ እየሰሙ፣ ለሩብ ሰዓት ቦታ ይይዛሉ። ሦስት ሦስት በልተው በአምስት ደቂቃ የሚሄዱት ደንበኞቹ ደግሞ ከኋላ ቆመዋል። የ80 ዶላሩ ትልቁ ድርሻ ጋሪው ጋ አይደርስም። ጨዋ አስጎብኚ ይህን ስለሚያውቅ ሰው በማይበዛበት ሰዓት ይመጣል፣ በርከት አድርጎ ያዛል፣ ቲፕ ይተዋል። እናንተም ተዉ።

ዝናውም ቢሆን ያው ነው። በሜይ 2024 ኤል ካሊፋ ዴ ሌዎን የተባለች፣ ከ1968 ጀምሮ የምትሠራ ጠባብ የታኮ ቤት ለምርጥ ምግብ ቤቶች የሚሰጠውን የሚሽሊን ኮከብ አገኘች። ወንበር የላትም። ሳን ራፋኤል ሰፈር ቆማችሁ ትበላላችሁ። ከኮከቡ በኋላ ሰልፉ መንገዱን ሞላው። ዝነኛዋ ታኮዋ የከብት ናት፣ ጥሩ ናት። ለእሷ ብዬ ግን ሁለት ሰዓት አልሰለፍም።

እኔን ከጠየቃችሁኝ ሁለተኛውን ምሽት ብቻችሁን ሦስተኛው የሜትሮ መስመር ላይ ተሳፈሩና ኢትዮጵያ የሚባል ጣቢያ ውረዱ። ምልክቱ የአንበሳ ራስ ነው። ሜክሲኮ የጣልያንን ወረራ አልቀበልም ካሉት ጥቂት አገሮች አንዷ ነበረች፤ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴም በ1954 ጎብኝተዋታል። አዲስ አበባ ላይ ሜክሲኮ አደባባይ ያለን በዚህ ወዳጅነት ነው፤ እነሱም በኩላቸው አደባባይ በስማችን ሰይመው ነበር። ጣቢያው ያለበት የናርቫርቴ ሰፈር ደግሞ የታኮ ሰፈር ነው። ወደ ደቡብ ስትሄዱ ኤል ቪልሲቶ የሚባል ቤት አለ። ቀን ጋራዥ ነው፣ መኪና ይጠገንበታል። ማታ ታኮ ቤት ይሆናል። በስፋት የሚታወቀው በፓስቶሩ ስለሆነ አሳማ የማትበሉ ሌላ ጋሪ ፈልጉ፤ በዚያ ሰፈር አይጠፋም። ምሽቱ እንደ አዲስ አበባ ይቀዘቅዛል፣ ከተማዋ 2,240 ሜትር ከፍታ ላይ ናት፤ ጃኬት ያዙ። ዝርዝር ብርም ያዙ። ለአራት ታኮ ባለ 500 ፔሶ ኖት ካወጣችሁ ታኬሮው ቢላውን አስቀምጦ ዝርዝር ፍለጋ ጎረቤት ይሄዳል፣ ከኋላችሁ የተሰለፈውም ሰው ሁሉ እናንተን ያያል።