እርማት፦ «ሰንራይዝ» በጸጥታ የታየ ፊልም አይደለም

ወንድሜ፣ ስለ ዳይሬክተሩ ሙርናው ፊልም ስለ «ሰንራይዝ» የጻፍከውን ወድጄዋለሁ። «ድምፅ አልባ ስለሆነ ሰዉ በጸጥታ ነበር የሚያየው» ያልከው ግን ብዙዎች የሚደግሙት ስህተት ነውና ይታረም። በዚያ ዘመን በትንንሽ ሲኒማ ቤቶች እንኳ ብዙውን ጊዜ ፒያኖ የሚጫወት ሰው አይጠፋም፤ በትልልቆቹ ደግሞ ሙሉ ኦርኬስትራ ነበር።

«ሰንራይዝ» ከዚህም ያልፋል። እ.ኤ.አ. መስከረም 23 ቀን 1927 ኒውዮርክ ላይ ሲመረቅ ሙዚቃውና የአካባቢው ድምፅ በሙቪቶን ዘዴ እዚያው ፊልሙ ላይ ተቀርጾ ነበር። «የመጀመሪያው ባለድምፅ ፊልም» የሚባለው «ዘ ጃዝ ሲንገር» የወጣው ሁለት ሳምንት ያህል ቆይቶ፣ ጥቅምት 6 ቀን ነው። «ሰንራይዝ» የጎደለው የተዋንያኑ ንግግር ነው።

ለዚህ ማስረጃው ታሪኩ ውስጥ አለ። ባልየው ከከተማ በመጣች ሴት ተታልሎ ሚስቱን ሐይቅ ውስጥ ሊያሰጥማት ይነሳል፤ አንጀቱ አልችል ይለዋል። ታርቀው ሲመለሱ ግን ማዕበሉ ጀልባቸውን ይገለብጠዋል። በጨለማ እየተጣራ ሲፈልጋት፣ አፉን በከፈተ ቁጥር በጩኸቱ ፋንታ የሚሰማው የጥሩምባ ድምፅ ነው። እንዴት ያለ ሐዘን ነው! ሌላ ሙዚቃ የተለጠፈበትን ቅጂ አይተህ ከሆነ ይህ አምልጦሃል፤ እባክህ የሙቪቶኑን ፈልገህ እየው።