ከሽልማቱ በፊት ሜዳውን ቁጠሩ

ስለ ዝቅተኛው እርከን የወንዶች ቴኒስ በተወራ ቁጥር ወሬው ዞሮ ዞሮ ገንዘብ ላይ ያርፋል። ያለ ምክንያት አይደለም። አውሮፓ ውስጥ የሚካሄድ አንድ የዚህ እርከን ውድድር (ቻሌንጀር 75 ይባላል) እ.ኤ.አ. በ2023 ለተጫዋቾች የሚያከፋፍለው 73,000 ዩሮ ነበር፤ በ2025 ወደ 91,250 ዩሮ ከፍ ብሏል። በአንደኛው ዙር የወደቀ ተጫዋች ከዚህ የሚደርሰው አንድ በመቶ ግድም ነው። የራሱንና የአሰልጣኙን የአውሮፕላን ትኬት ከፍሎ ለመጣ ሰው ትርፍና ኪሳራውን ማስላት አይከብድም። ጭማሪው ይገባዋል፤ ገናም ሊጨመር ይገባል። የማይገባው ገንዘቡ ስላደገ ውድድሩም አብሮ አድጓል ብሎ ማሰብ ነው። በተለይ በአዳራሽ ውስጥ የሚካሄደው ውድድር የሚቃናውም የሚበላሸውም በሌላ ነገር ነው፤ በሜዳው ቁጥር።

ቻሌንጀር ማለት ከኤቲፒ (የወንዶች ፕሮፌሽናል ቴኒስን ከሚመራው ማኅበር) ዋና ውድድሮች አንድ እርከን ዝቅ ብሎ የሚገኝ ነው። 50፣ 75፣ 100፣ 125 እና 175 ተብሎ ይከፈላል፤ ቁጥሩ ዋንጫውን ያነሳው ሰው የሚያገኘው የደረጃ ነጥብ ነው። በዋናው ድልድል የመጀመሪያ ዙር የተሸነፈ ዜሮ ይዞ ይሄዳል። መጸውና ክረምቱ ሲገባ የአውሮፓ ውድድሮች ወደ ጣሪያ ሥር ይገባሉ፤ ቤርጋሞ፣ ኮብሌንዝ፣ ሄልሲንኪ። እነዚህን አዳራሾች መናቅ አይቻልም። በኋላ የዓለም ቁጥር አንድ የሆነው ጣሊያናዊው ያኒክ ሲነር በየካቲት 2019 ቤርጋሞ ላይ በዋይልድ ካርድ (በአዘጋጁ ግብዣ) ሲገባ 17 ዓመቱ ነበር፤ በዓለም ደረጃም ከ500ኛ ውጭ ነበር፤ ዋንጫውን ይዞ ወጣ። ያን ዓመት ሲጨርስ ከመቶዎቹ ውስጥ ነበር።

አሁን ወደ ስሌቱ። በነጠላ ዋናው ድልድል 32 ተጫዋች አለው፤ ስለዚህ 31 ጨዋታ። በጥንድ 16 ቡድን፣ 15 ጨዋታ። ማጣሪያው 24 ሰው ይዞ ስድስት ያሳልፋል፤ በሁለት ዙር 12 እና 6፣ በድምሩ 18 ጨዋታ። ሁሉም ሲደመር 64 ነው፤ ከእሁድ እስከ እሁድ በስምንት ቀን ያልቃል።

64 ጨዋታ ለስምንት ቀን ሲካፈል በቀን ስምንት ይመስላል፤ ሁለት ሜዳ ያለው አዘጋጅ ደግሞ «በሜዳ አራት አራት፣ ምን ችግር አለው?» ይላል። ችግሩ ጨዋታው እኩል የማይካፈል መሆኑ ነው። እሁድ 12 የማጣሪያ ጨዋታ አለ። ሰኞና ማክሰኞ ቀሪዎቹ ስድስት የማጣሪያ ጨዋታዎችና የዋናው ድልድል 16 የመጀመሪያ ዙር ጨዋታዎች መጠናቀቅ አለባቸው። በሦስት ቀን 34። ረቡዕና ሐሙስ የነጠላው ሁለተኛ ዙርና የጥንዱ ሁለት ዙሮች 20 ጨዋታ ይወስዳሉ። ከዓርብ እስከ እሁድ የቀረው 10 ብቻ ነው። አዘጋጁ የሚያስበው፣ ስፖንሰሩን የሚጋብዘው፣ መብራቱን የሚያሳምረው ለእነዚያ አሥሩ ነው። ውድድሩ የሚኖረው ግን በ34ቱ ውስጥ ነው።

እሁድን ብቻ በቅርብ እንየው። ሁለት ሜዳ፣ በእያንዳንዱ ስድስት ጨዋታ። ጨዋታው ከሦስት ክፍል (ተጫዋቾች «ሴት» ከሚሉት) ሁለቱን ቀድሞ በማሸነፍ የሚያልቅ ነው፤ አንዱ በአማካይ አንድ ሰዓት ተኩል ይፈጃል እንበል። ለማሟሟቂያ፣ ለመውጣትና ለመግባት አሥር ደቂቃ ይጨመር። ስድስቱ አሥር ሰዓት ይፈጃሉ። ከጠዋቱ 4 ሰዓት የጀመረ ሜዳ ሁሉም ነገር በታቀደው መንገድ ከሄደ ከምሽቱ 2 ሰዓት ይዘጋል። ከስድስቱ ሁለቱ ሁለት ሰዓት ተኩል ከፈጁ፣ ይህም የተለመደ ነው፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት ሆነ። መጨረሻ የወጣው አሸናፊ ገላውን ታጥቦ፣ ፊዚዮቴራፒስቱ ጋ ተሰልፎ፣ በልቶ የሚተኛው ከእኩለ ሌሊት በኋላ ነው፤ ሰኞ ደግሞ ሁለተኛ የማጣሪያ ጨዋታ አለበት። ከማጣሪያ ተነስቶ ዋንጫ የሚወስድ ሰው በስምንት ቀን ሰባት ጨዋታ ያሸንፋል። ለእሱ የእሁዱ ምሽት ከሐሙሱ ይከብዳል።

ኤቲፒና የሴቶቹ አቻው ደብሊውቲኤ በ2024 መጀመሪያ በዋና ውድድሮቻቸው ላይ ገደብ አስቀምጠዋል፤ ያለ ልዩ ፈቃድ ከምሽቱ 5 ሰዓት በኋላ ጨዋታ አይጀመርም፣ በአንድ ሜዳም በቀን ከአምስት አይበልጥም የሚል። ይህ የወጣው ብዙ ሜዳና ብዙ ሠራተኛ ላላቸው ነው። ሁለት ሜዳ ባለው አዳራሽ የእሁዱ ስድስት ጨዋታ ገና ከጠዋቱ ይህን ልክ አልፎታል።

ሁለት ሜዳ ብቻ የሚሆነው በንፉግነት አይደለም፤ ሕንፃው ነው። ለዓለም አቀፍ ውድድር የሚመከረው ከኋላ መስመር በስተጀርባ 6.40 ሜትር፣ ከጎን 3.66 ሜትር ክፍት ቦታ ነው። ሜዳው ራሱ 23.77 በ10.97 ሜትር ስለሆነ አንዱ ሜዳ ከነዙሪያው 36.57 በ18.29 ሜትር ይወስዳል። የእጅ ኳስ ሜዳ 40 በ20 ሜትር ነው። ቁጥሮቹን ጎን ለጎን ያስቀመጠ ሰው ነገሩ ወዲያው ይገባዋል፤ ለእጅ ኳስ የተሠራ የከተማ ስፖርት አዳራሽ የሚይዘው በትክክል አንድ የቴኒስ ሜዳ ነው። ሁለተኛው ወይ እዚያው ተጨናንቆ ይገባል፣ ወይ በአጠገቡ ባለ የልምምድ አዳራሽ ይዘረጋል፣ ወይም ከከተማው ሌላ ጫፍ ያለ ክለብ ይለመናል።

ሁለተኛ ተብሎ የሚዘረጋው ሜዳ ደግሞ ብዙ ጊዜ ከእጅ አይሻል ዶማ ነው። ጣሪያው ይቅደም። ለክለብ ጨዋታ እንኳ መረቡ ባለበት ቦታ ከወለሉ እስከ ጣሪያው የሚመከረው ዝቅተኛ ከፍታ 9.14 ሜትር ነው። በሕጉ መሠረት የተመታች ኳስ መሬት ሳትነካ ጣሪያ፣ መብራት ወይም የአየር ቱቦ ከነካች ነጥቡ የመቺው ኪሳራ ነው። ዝቅ ያለ ቱቦ ባለበት ሜዳ ላይ ወደ ኋላ ተገፍቶ የሚከላከል ተጫዋች ከፍ አድርጎ የመመለስ አማራጩን ያጣል። መረብ ላይ የቆመው ይህን ያውቃል፤ አንድ እርምጃ ወደፊት ይጠጋል። የጨዋታው ስልት የተቀየረው በቧንቧ ሠራተኛ ነው ማለት ነው።

ቀጥሎ ወለሉ። ከአዳራሽ እንጨት ወለል ላይ በሰሌዳ የሚገጣጠም ሜዳ በአክሪሊክ ቀለም ይሸፈናል፤ ፍጥነቱን የሚወስነው ቀለሙ ውስጥ የሚደባለቀው አሸዋ ነው። አሸዋው ሲበዛና ሲሻክር ኳሷን ይይዛል፣ ሲለሰልስ ያንሸራትታል። ዓለም አቀፉ የቴኒስ ፌዴሬሽን የሜዳ ፍጥነትን በነጥብ ለክቶ በአምስት ይከፍላል፤ 29 እና ከዚያ በታች ቀርፋፋ፣ ከ35 እስከ 39 መካከለኛ፣ 45 እና በላይ ፈጣን ነው። ዋናው ሜዳ ለዚህ ሳምንት ተብሎ አዲስ ተቀብቶ ሁለተኛው የክለቡ የቆየ ወለል ከሆነ፣ አንድ ውድድር ሁለት የፍጥነት ምድብ ይዞ ይካሄዳል። ዕጣ የወጣለት ሰው ሰኞ በፈጣኑ አሸንፎ ረቡዕ በቀርፋፋው ይወድቃል። ሰሌዳዎቹ የሚጋጠሙበት መስመርም አለ፤ ከሥሩ ክፍተት ካለ ኳሷ እዚያ ላይ አርፋ ሳትነሳ ትቀራለች። ተጫዋቾች በሁለተኛው ቀን ቦታዋን በትክክል ያውቋታል፤ የኋላው መስመር አጠገብ ከሆነች ደግሞ ሆን ብለው ይፈልጓታል።

ሁለቱ ሜዳ በአንድ አዳራሽ ጎን ለጎን ሲሆኑ የሚመጣው ችግር ከዚህ ይረቃል። ሜዳዎቹን ለመለየት በመሃል የተንጠለጠለው መረብ ወለሉን በደንብ ካልነካ ኳስ በሥሩ ታልፋለች። ዳኛው ጨዋታውን ያቆማል፤ ሕጉም ነጥቡ በሙሉ ከመጀመሪያ ይደገም ይላል። አሁን አስቡት። 30 ለ40 ላይ የሚመራው ተቀባዩ ነው፤ ሰርቭ መቺው (ነጥቡን በመክፈቻ ምት የሚያስጀምረው) ከተፈቀዱለት ሁለት ሙከራዎች የመጀመሪያውን ስቶ ሁለተኛውን መትቷል፣ ተቀባዩም ለመልስ ምት ክንዱን አንስቷል። ከጎን ኳስ ገባች። ሲደገም ሰርቭ መቺው የመጀመሪያ ሰርቩን ይመለስለታል። ነፋስና ፀሐይ በሌለበት፣ ኳስ ወደ ላይ ሲወረወር የማትወላወልበት አዳራሽ ውስጥ የመጀመሪያ ሰርቭ ማለት ብዙ ጊዜ ጌሙን (ክፍሉ የሚቆጠርበትን አንድ አሃድ) ማሸነፍ ማለት ነው። በአንድ ጌም በሚለያይ ጨዋታ፣ በአዳራሽም አብዛኛው እንዲያ ነው፣ አንዲት ተንከባላይ ኳስ ለወራት የተለፋበትን ነጥብ ትወስናለች። መፍትሔው ከመረቡ ሥር ከባድ ሰንሰለት ማሰር ወይም ግማሽ ሜትር የሚሆን ሸራ መስፋት ነው። ይህን የማያደርግ አዘጋጅ ለዋንጫ ሥነ ሥርዓቱ አበባ ባይገዛ እመርጣለሁ።

ስለ ልምምድ ብዙም አይወራም፤ ሜዳ ሲጎድል መጀመሪያ የሚሰዋው ግን እሱ ነው። ከማጣሪያው የሚያልፉት ስድስቱ ሁለት ጊዜ ስለሚቆጠሩ፣ በነጠላ ብቻ 50 የተለያየ ሰው ይመጣል። ሁለት ሁለት ሆነው አንድ አንድ ሰዓት ቢለማመዱ በቀን 25 የሜዳ ሰዓት ይጠይቃል። አንድ የልምምድ ሜዳ ከጠዋቱ 2 እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት ቢከፈት የሚሰጠው 14 ነው። ስለዚህ አራት ሰው በአንድ ሜዳ ይገባል፤ ሁለቱ በአንዱ ጎን ሁለቱ በሌላው፣ ሰያፍ እየመቱ። እንዲህ ሰርቭ ይለመዳል፤ ነጥብ መጫወት ግን አይቻልም። ሞቅ የማለት ያህል ነው። የልምምድ ኳሱም የተጣለ ነው የሚሆነው፤ በጨዋታ ላይ ስድስት ኳስ ከመጀመሪያው ሰባት ጌም በኋላ፣ ከዚያም በየዘጠኝ ጌሙ ይቀየራል፣ የወጣው ወደ ቅርጫት ይሄዳል። በሻካራ ወለል ላይ የተደበደበ ኳስ ፀጉሩ ስለሚነሳ ይወፍርና ይዘገያል። ከሰዓት በኋላ አዲስ ኳስ ለሚጠብቀው ሰው ጠዋት በዚህ መለማመድ ጉዳቱ ሊያመዝን ይችላል።

ለአዘጋጆች ፍትሐዊ ለመሆን ያህል፣ አዳራሹን ከእጅ ኳስና ከቅርጫት ኳስ ቡድኖች ተረክበው በጥቂት ቀን ሜዳ የሚዘረጉ ናቸው። ለዋናው ድልድል ተጫዋቾች ሆቴልም ይከፍላሉ። «ማጣሪያውን ቅዳሜ እንጀምር» የሚል ሐሳብ ሲያነሱ ደግሞ አይሳሳቱም፣ ጫናውን ያቀላል። ግን በሌላ ከተማ ቅዳሜ ግማሽ ፍጻሜ የሚጫወተውን ሰው ይዘጋበታል። ለእንዲህ ያለው ተጫዋች በድልድሉ ውስጥ የሚያዝ ልዩ ቦታ ቢኖርም ለሁሉም አይበቃም። ባለፈው ሳምንት በማሸነፉ ሰውን የሚቀጣ መርሐ ግብር መጥፎ መርሐ ግብር ነው።

የተሻለው ምሳሌ ከወዲያ ማዶ፣ ከአሜሪካ ነው። በኅዳር 2022 አሜሪካዊው ቤን ሼልተን በቻርለትስቪል፣ በኖክስቪል እና በሻምፔይን በተከታታይ ሦስት ሳምንት ሦስት የአዳራሽ ቻሌንጀር አሸነፈ፤ በጥር በአውስትራሊያ ኦፕን ሩብ ፍጻሜ ደረሰ። የሻምፔይኑ ውድድር የሚካሄደው በዩኒቨርሲቲ የቴኒስ ማዕከል ውስጥ ነው። ሜዳዎቹ ለቴኒስ ብለው የተሠሩ፣ ጎን ለጎን የተደረደሩ፣ ወለላቸው አንድ ዓይነት ናቸው። እንዲህ ባለ ቦታ ልምምዱና ጨዋታው በአንድ ጣሪያ ሥር፣ በአንድ ወለል ላይ ይሆናል። ድምቀቱ ያንሳል፤ ለ150ኛውና ለ300ኛው ተጫዋች የሚጠቅመው ግን ይኸኛው ነው።

የከተማ አዳራሽ ያለው አዘጋጅ ይህን ማግኘት አይችልም፤ የሚችለው ግን አለ። ፈቃድ ሰጪው ከሽልማት መጠን በፊት ሦስት ጥያቄ ይጠይቅ። ከእሁድ እስከ ማክሰኞ ሦስት የጨዋታ ሜዳ አለ ወይ? የሦስቱም ፍጥነት ተለክቶ በአንድ ምድብ ውስጥ ነው ወይ? ከሦስቱ ውጭ ቢያንስ አንድ የልምምድ ሜዳ በተመሳሳይ ወለል አለ ወይ? ሦስተኛው ሜዳ ሲኖር የእሁዱ 12 ጨዋታ በሜዳ አራት ይሆናል፤ በዚያው የአንድ ሰዓት ከአርባ ደቂቃ ስሌት ከጠዋቱ 4 የጀመረው ቀን ከቀኑ 11 ሰዓት ሳይሞላ ያልቃል። ሁለት ረጃጅም ጨዋታ ቢጨመርም ከምሽቱ 1 ሰዓት አያልፍም፤ የቀረው ምሽት ለልምምድ ይተርፋል። ከረቡዕ ጀምሮ ሦስተኛው ራሱ የልምምድ ሜዳ ይሆናል።

ሦስተኛው ሜዳ መቀመጫ አያስፈልገውም፤ የማጣሪያ ጨዋታ ተመልካች ቆሞ ያያል። የሚያስፈልገው የዳኛ ከፍ ያለ ወንበር፣ ሁለት አግዳሚ፣ ከኋላ ኳሷ የምትለይበት ጥቁር ሰማያዊ ወይም አረንጓዴ መጋረጃ፣ ነጥብ የሚመዘገብበት ታብሌት እና ለቀጥታ ስርጭቱ በአንድ ቦታ የተተከለች ካሜራ ነው። መብራቱ ከጎን መስመሮቹ ጋር ትይዩ ይሰቀል እንጂ በኋላ መስመሩ ላይ አይሁን፤ ሰርቭ ለመምታት ቀና የሚል ሰው ዓይኑ ውስጥ ይገባል። ማሞቂያው ደግሞ እሁድ ጠዋት ሳይሆን ቅዳሜ ይከፈት። በቀዘቀዘ አዳራሽ ኳስ ትከብዳለች፣ ዝቅ ብላም ትነሳለች፤ የማጣሪያው ተጫዋች የሚለምደው ኳስ ሐሙስ አዳራሹ ሞቆ ከሚያገኘው ኳስ ጋር አይገናኝም።